ካልሰጡን አንቀመጥም

ባለፈው ረቡዕ ከሥራ መልስ ሞርስ ሮድ ላይ ካለው የቬትናሞች ገበያ ጎራ ብዬ ነበር። ባለቤቴ ብርቄ ቃሪያ ግዛ ብላኝ ነው፤ እነሱ ጋ ያለው ቃሪያ የልብ ያቃጥላል። ከቃሪያው አጠገብ አረንጓዴ ፍሬና ሰፋ ሰፋ ያለ ቅጠል በላስቲክ ታሽጎ ተቀምጧል። ፍሬው አሬካ ይባላል፤ የቬትናም ሽማግሌዎች በቅጠሉ ጠቅልለው ያኝኩታል። ቆሜ ሳየው ፈገግ አልኩ። ይሄኔ ስልኬ ጮኸ። ቱዋን ነው።

ቱዋን ጓደኛዬ ነው፣ ጓደኛ ማለት ያንሰዋል እንጂ። ኮሎምበስ እንደመጣሁ በገባሁበት ዌርሃውስ ጎን ለጎን ቆመን ሣጥን ስንጭን ነው የተዋወቅነው። ዛሬ እሱም እኔም ሸብተናል።

«ታዴ፣ እሑድ ቤት ና» አለኝ ሰላምታም ሳያስቀድም። «ሊንን ለትዳር ሊጠይቅ የሚመጣ ልጅ አለ። ከጎኔ ቁጭ በልልኝ፤ እኔ እምቢ ስል አንተም እምቢ በል።»

ሊን የመጀመሪያ ልጁ ናት። ስትወለድ ሆስፒታል በር ላይ ነበርኩ።

«ምን አድርጎ ነው ልጁ?»

«ምንም አላደረገም። ሰው የለውም። እናት የለ፣ አባት የለ፣ በማደጎ ከቤት ቤት ሲዞር ነው ያደገው። ታዲያ ከማን ጋር ልነጋገር? ነገ ልጄ ብታለቅስ ማንን እጠይቃለሁ?»

ቃሪያው በእጄ እንዳለ ደርቄ ቀረሁ። ወይ ጉድ! ይህችን ንግግር አውቃታለሁ። ከሃያ ሰባት ዓመት በፊት በቬትናም ገጠር፣ ጭቃ ውስጥ ቆሜ ቃል በቃል ሰምቻታለሁ። ያን ጊዜ ሰው የለውም የተባለው ደግሞ ሌላ ማንም ሳይሆን ራሱ ቱዋን ነበር።

«እመጣለሁ» ብዬ ዘጋሁት። ከማን ጎን እንደምሆን ግን አልነገርኩትም።

ያን ጊዜ እኔ የሃያ ስድስት ዓመት ጎረምሳ ነኝ። በዲቪ መጥቼ፣ የክረምቱ ብርድ አጥንቴ ድረስ እየገባ፣ እንግሊዝኛዬ እየተንገዳገደ እሠራለሁ። ቱዋን በልጅነቱ ከአጎቱ ጋር መጥቶ እዚሁ ያደገ ልጅ ነው፤ አጎቱም ኋላ ሞቱበት። አንድ ጊዜ የእናቱን መቃብር ሊያይ ሳይጎን ሄዶ ሆዋ የምትባል የልብስ ሰፊ ቤት ሠራተኛ ወደደ። አባቷ ገጠር ናቸው። ብቻውን ሄዶ ቢጠይቃቸው «ቤተሰብህን ይዘህ ና፤ የልጄን ነገር ከአንድ ልጅ ጋር አልነጋገርም» ብለው መለሱት።

ይህን ብሬክ ላይ ሲነግረኝ ምሳውን አልነካም። «በቃ፣ ቀረ» አለኝ።

ቀረ! ደሜ ፈላ። አባቴ፣ ነፍሱን ይማረውና፣ ሰፈራችን ውስጥ ሽማግሌ ሲላክ እሱ የማይኖርበት ጊዜ አልነበረም። ሲመለስ እናቴ «ምን አሉ?» ትለዋለች፤ እኔ ከመጋረጃ ጀርባ ሆኜ እሰማለሁ። ስለዚህ ነገሩን የማውቀው መሰለኝ።

«እኛ አገር ሽማግሌ ነው የሚላከው» አልኩት። «የግድ ዘመድ መሆን የለበትም። እኔ እሄድልሃለሁ።»

ቱዋን ከላይ እስከ ታች አየኝ። ጢሜ ገና በወጉ አልበቀለም። «አንተ ነህ ሽማግሌ?»

«ምን ታደርገዋለህ፣ ያለሁህ እኔ ነኝ።»

ያገኘሁትን ኦቨርታይም ሁሉ ሠራሁ። በዓመት ዕረፍታችን ተያይዘን ሄድን።

የሄድንበት ቀን እንደ ትናንት ትዝ ይለኛል። ሳይጎን በጠዋት የሞተር ሳይክል ጎርፍ ናት። ሽማግሌ ያለ ኮት አይሆንም ብዬ በዚያ ሙቀት ጥቁር ሱፍ ከነክራባቱ ለብሻለሁ። ቱዋን ተከራይቶ ባመጣት ሞተር ሳይክል ላይ ከኋላው ተፈናጥጬ፣ በቀይ ጨርቅ የተሸፈኑ ትሪዎች በገመድ ታስረው ጭኔ ላይ ተደርድረዋል። አሬካና ቅጠሉ፣ ሻይ፣ የሩዝ አረቄ አሉባቸው። በአገሩ ደንብ የልጅቷ አባት ጨርቁን ከገለጠ እሺ ብሏል ማለት ነው። ካልገለጠ ትሪውን ይዞ መመለስ ነው።

ከተማው እየሳሳ ሄዶ አረንጓዴው ጀመረ። እንዲህ ያለ አረንጓዴ አይቼ አላውቅም፤ ዓይን ያጠግባል። የአስፋልቱ ዳር ላይ ሩዝ ተሰጥቶ ሴቶች በባዶ እግራቸው ያገላብጡታል። አንዱ ሞተረኛ ዳክዬዎች ቁልቁል አንጠልጥሎ ሲያልፈን አንዷ ዞራ ያየችኝ መሰለኝ። ወንዙ ጋ ስንደርስ ያን ጊዜ ድልድይ ስላልነበረ ከነሞተር ሳይክላችን ትልቅ ጀልባ ላይ ወጣን። ውኃው በክረምት እንደሚሞላ ወንዛችን ቡናማ ነው። ማዶው ቤን ቼ ይባላል፤ የኮኮናት አገር ነው፤ አየሩ የኮኮናት ልጣጭ ጭስና የዓሣ ሽታ አለው። ቱዋን የትሪዎቹን ገመድ ደጋግሞ ያጠብቃል። እኔ ግን ንግግሬን በልቤ እየደጋገምኩ ነበር።

መንገዱ አንድ ቦይ ዳር አለቀ። መሻገሪያው አንድ ቀርከሃ ነው። አንድ! ለእጅ ደግሞ ሌላ ቀጭን ቀርከሃ ከጎኑ ታስሯል። ማዶ ላይ ጠይም፣ ቀጭን ሰውዬ እጃቸውን ወደ ኋላ አድርገው ቆመው ያዩናል። የሆዋ አባት ናቸው። በዚያ አገር ሰው በተወለደበት ተራ ስለሚጠራ የሰፈሩ ሰው «ቱ» ይላቸዋል፤ አራት ማለት ነው። እኔ እስከ ዛሬ ጋሼ ቱ ነው የምላቸው። ጫማዬን አውልቄ፣ «እመብርሃን፣ እኚህ ሰውዬ ፊት አታዋርጂኝ» እያልኩ በእንፉቅቅ ተሻገርኩ። ሳልወድቅ።

ቤቱ የእንጨት ነው፤ ጣሪያው በዘንባባ ቅጠል ተከድኗል። ትሪዎቹን ጠረጴዛ ላይ ደረደርን። ጋሼ ቱ በእጃቸው ወንበር አሳዩን። የሆዋ እናት ሻይ ቀዱ። እኔ ግን እግሬን ተክዬ ቆምኩና ጀመርኩ። ከሩቅ አገር መምጣታችንን፣ ቱዋን ሠራተኛ፣ ጨዋ፣ ቃሉን ጠባቂ መሆኑን፣ ልጃቸውን ለልጃችን እንዲሰጡን፤ አባቴ ይለው ከነበረው አንድም አልቀረኝም። ይህን ሁሉ ብዬ ስጨርስ ቱዋን ሁለት ሦስት ቃል ብቻ ተርጉሞ አቆመ።

«አለቀ?»

«ራሴን በራሴ አፍ እንዴት ላሞግስ?» አለኝ ጆሮው ቀልቶ።

«እሺ፣ ይሄንንስ ንገራቸው። ልጃችሁን እስክትሰጡን አንቀመጥም፤ ሻይም አንቀምስም።»

ቱዋን አመዱ ቡን አለ። የሆነ ነገር አጉረመረመ። እናትየው በሐዘኔታ ዓይን አዩኝ፤ ወደ ጓዳ ገብተው በትንሽ ጠርሙስ አረንጓዴ የመታሻ ዘይት ይዘው ወጡና ወገቤን እየጠቆሙ በእጄ አስጨበጡኝ።

«ምንድን ነው ያልካቸው?»

«ወገቡን ያመዋል፣ መቀመጥ አይችልም አልኳቸው።»

«ቱዋን!»

«እዚህ አገር የተቀዳልህን ሻይ እምቢ ማለት ስድብ ነው!»

«እኛ አገር ደግሞ ጉዳዩ ሳያልቅ መቀመጥ ጉዳዩን መተው ነው። እውነቱን ንገራቸው፤ ካለበለዚያ እኔ በእጄ ምልክት እነግራቸዋለሁ።»

ነገራቸው። የጋሼ ቱ ፊት ድንጋይ ሆነ። ተነሡ፣ ሾጣጣ የሣር ባርኔጣቸውን አጠለቁ፣ ወጥተው ሄዱ። ቀዩ ጨርቅ እንደተሸፈነ ነው። ቱዋን ወንበሩ ላይ ዘፍ ብሎ ፊቱን በእጁ ሸፈነ።

«አንተ ተቀመጥ፤ እኔ አልቀመጥም» አልኩት። ንዴት ነው፣ ፍርሃትም አለበት። ልጁን ላጋባ መጥቼ ላቆራርጠው ነው እንዴ? ግን ከጀመሩ ወዲያ ደግሞ መልሶ መቀመጥ ምን ይባላል?

ምሳ ሰዓት ሆነ። እናትየው በገለባ እሳት የተጠበሰ ትልቅ ዓሣ ከቅጠላ ቅጠልና ከስስ የሩዝ ቂጣ ጋር አቀረቡ። ሽታው ልብ ይሰውራል! ጠዋት ከቡና በቀር የቀመስኩት የለም። ምራቄን እየዋጥኩ ቆምኩ። ያን ጊዜ ሆዋ ከጓዳ ብቅ አለች። እስከዚያች ሰዓት አላየኋትም ነበር። ዓይኗ ቀልቷል፤ ድምፅዋ ግን የቆረጠ ሰው ድምፅ ነው። ቱዋንን የሆነ ነገር ብላው ተመልሳ ገባች።

«ምን አለች?»

«አባቴ ቢጠላችሁ ኖሮ ትሪውን አውጡ ይል ነበር አለች። ቤት ውስጥ ወሬ አያውቅበትም፤ ማሳው ላይ ሂዱ አለች።»

«ተባረኪ!» ብዬ ወጣሁ።

ማሳው ከሌላ ቦይ ማዶ ነው፤ ሌላ ቀርከሃ። በዚህኛው ላይ መሃል ስደርስ እግሬ አዳለጠኝና ከነሱፌ፣ ከነክራባቴ ዘጭ! እስከ ደረቴ ጭቃ ዋጠኝ። ቱዋን ይጮኻል። ቀና ስል ጋሼ ቱ የሩዝ ችግኝ በእጃቸው ይዘው ያዩኛል። አልሳቁም። እኔም ወደ ኋላ አልተመለስኩም፤ በዚያው በእሳቸው በኩል ወጥቼ ማሳው ውስጥ ገባሁ።

እኔ የከተማ ልጅ ነኝ። እርሻ የማውቀው በአውቶቡስ መስኮት ነው። አንድ እስር ችግኝ አንሥቼ፣ ከጎናቸው ጎንበስ ብዬ፣ እሳቸው ሲሰኩ እያየሁ መሰካት ጀመርኩ። ውኃው ሞቅ ያለ ነው፣ ጭቃው በጣቶች መሃል ይወጣል። እሳቸው አጣምሜ የተከልኩትን ይነቅሉና አቃንተው ይተክላሉ። እኔ ሌላ አጣምሜ እተክላለሁ። ይነቅላሉ። ሰማዩ ድንገት ጠቁሮ ዝናቡ ወረደ፤ ሁለታችንም ቀና አላልንም። ወገቤ ግን እውነትም ሊበጠስ ደረሰ።

በመጨረሻ ጋሼ ቱ ቆም ብለው ተናገሩ። ቱዋን ከማሳው ዳር ሆኖ ተረጎመ። «ወገብህን ያምሃል ተብሎ ነበር።»

«አሁን ገና ነው የሚያመኝ በላቸው።»

ያን ጊዜ ሳቁ። ቶሎ ደግሞ ሳቃቸውን ዋጡና ልባቸው ውስጥ ያለውን አወጡት። «ልጁን አልጠላሁትም። ግን አገሩ ሩቅ ነው፤ እሱ ሰው የለውም። ነገ ልጄ ብታለቅስ ማንን እጠይቃለሁ?»

«እኔን» አልኩ።

«አንተ ዘመዱ አይደለህም።»

«በእኛ ደንብ ሽማግሌ የሆነ ሰው ሥራው ሠርጉ ዕለት አያልቅም። ቢጣሉ የሚጠራው እሱ ነው፤ በደል ቢኖር የሚጠየቀው እሱ ነው። ሆዋ ብታለቅስ ለእኔ ይደውሉልኝ። የትም ብሆን እሄዳለሁ፤ ችግሩ እስኪያልቅም አልቀመጥም።»

ቱዋን ይህን አላሳጠረም። ዝናቡ ከእንባው ጋር ተቀላቅሎበት፣ ሁሉንም አንድ ባንድ ነገራቸው።

ጋሼ ቱ የቀረውን ችግኝ ውኃው ላይ አስቀመጡና ወደ ቤት መሩን። ከእንስራ ውኃ ቀድተው የእኔን እግር አስቀድመው አስታጠቡኝ። ከዚያ ጠረጴዛው ጋ ሄደው ቀዩን ጨርቅ ገለጡት። አንዷን አሬካ በቢላ ሰንጥቀው በቅጠሉ ጠቀለሉና ለእኔ ሰጡኝ። እናትየው አፋቸውን በእጃቸው ሸፈኑ። ከጓዳ የሆዋ ለቅሶ ተሰማ።

«አሁን ተቀመጥ ይሉሃል» አለኝ ቱዋን።

ተቀመጥኩ። እንዲህ ያለ ወንበር ከዚያ ወዲህ አልገጠመኝም። ዓሣው ቀዝቅዞ ነበር፤ አጥንቱን ብቻ ነው ያስቀረሁት። አሬካው አፌን አቅልቶ ጭንቅላቴን አዞረኝ፤ እነሱም ሳቁብኝ። ፀሐይ ሳትጠልቅ ጀልባው ላይ ተመልሰን፣ ሱፌ ላይ ያለው ጭቃ ደርቆ እየረገፈ፣ ቱዋን ወንዙን እያየ «ሰው አለኝ እኮ» አለ። እኔም ዞር ብዬ ዓይኔን ጠረግሁ።

ጋሼ ቱ ቃሌን አልረሱም። ሆዋ ኮሎምበስ ከመጣች በኋላ አንድ ጊዜ ከቱዋን ጋር ተጣሉና ሰውዬው ከቬትናም ኮል አደረጉልኝ። ቋንቋ የለንም፤ «ሆዋ፣ ሆዋ» ብቻ ነው ያሉት፤ ገባኝ። ፎረስት ፓርክ ቤታቸው ሄጄ ሳሎኑ መሃል ተገተርኩ። ሊን ያኔ ሕፃን ናት፤ «አንክል ታዴ፣ ፕሊዝ ሲት ዳውን!» እያለች ሱሪዬን ትጎትታለች። እስኪታረቁ አልተቀመጥኩም። ጋሼ ቱ አሁን በሕይወት የሉም። ቀሪው አደራ እኔው ጋ ነው።

ታዲያ ረቡዕ ዕለት ከገበያው ወጥቼ መኪናዬ ውስጥ ተቀመጥኩና ለሊን ደወልኩላት። የልጁን ስልክ ተቀበልኳት። ስሙ ኬይል ነው።

«የምትለብሰው ኮት አለህ?» አልኩት ራሴን ካስተዋወቅሁ በኋላ።

«አለኝ። ግን ማንን ይዤ እንደምሄድ አላውቅም» አለኝ፤ ድምፁ ልክ እንደዚያን ጊዜው ቱዋን ድምፅ ነው። አንጀቴን በላው።

«እኔን ይዘህ ነዋ የምትሄደው!»

ተመልሼ ገብቼ አሬካውንና ቅጠሉን ገዛሁ። ብርቄ ስትሰማ «ጉልበትህ እንደ ድሮው መሰለህ? እዚያው ተገትረህ ልትወድቅ ነው» ብላ ጮኸችብኝ፤ ኋላ ግን ከቁም ሳጥኑ ቀይ ጨርቅ ያወጣችው እሷው ናት። እሑድ ቱዋን በሩን ሲከፍት ከልጁ ጎን ያገኘኛል። ወንበር ስቦ፣ ሻይ ቀድቶ፣ «ታዴ፣ ተቀመጥ» ይለኛል። ቁርሴን ጠግቤ ነው የምሄደው።