የሸማው ኳኳታ

ሽሮ ሜዳ፣ እናታችን ቤት፣ ቴሌቪዥኑ ፊት ከጎረቤቶቻችን ጋር ተኮልኩለናል። ታናሽ ወንድሜ ስለ አባታችን የሠራውን ዘጋቢ ፊልም እያሳየን ነው። አባዬ ከመሞቱ በፊት ሲሸምን ቀርጾት ነበር። እግሮቹ ከሸማ መሥሪያው ሥር ባለው ጉድጓድ ውስጥ ናቸው፤ መወርወሪያዋ ከአንዱ እጁ ወደ ሌላው ትመላለሳለች። ከላዩ የክራር ሙዚቃ ተጭኖበታል።

ልጅ ሆኜ ታምሜ ስተኛ፣ አባዬ ከመጋረጃው ማዶ ይሸምን ነበር። ዝናቡ ቆርቆሮውን ይደበድባል፤ እርጥብ ጥጥ ጥጥ ይሸተኛል። «አትፍሪ» አለኝ አንድ ቀን። «ኳኳታውን እስከሰማሽ ድረስ እዚሁ ነኝ።» ክር ተበጥሶበት ሲያቆም «አባዬ» ብዬ እጣራለሁ። ቃል አይመልስም። ለእኔ ብሎ ሸማ መሥሪያውን ባዶውን አንዴ ኳ ያደርገዋል፤ እኔም ዓይኔን እጨፍናለሁ።

«ድምፁን ምን አደረግከው?» አልኩት ወንድሜን በሹክሹክታ።

«ኳኳታውን ነው? ሰው ይረብሻል ብዬ አጠፋሁት። አባዬ እንደሆነ ካሜራ ፊት አንዲት ቃል አልተነፈሰም።»

ሸማ መሥሪያውን ለሰው ከሰጠነው ቆይቷል።

ፊልሙ አለቀ። ጎረቤቶቻችን አጨበጨቡ፤ አንዳንዶቹ ዕንባቸውን ጠረጉ። እማዬ ብቻ ነጠላዋን አገጯ ድረስ ስባ ተቀምጣለች። ዓይኗ ማየት ካቆመ ዓመታት አልፈዋል። ጆሮዋን ወደ ቴሌቪዥኑ እንዳዘነበለች ክንዴን ያዝ አደረገችኝ።

«አባታችሁ የሚመጣው መቼ ነው?» አለችኝ።