ከሳሼ የቀሩበት ቀን

ሰሜን ክፍለ ከተማ ብቻዬን ነው የምኖረው። የቤቴን በር የሚያንኳኳ ሰው ቢኖር በአጥር ጉዳይ የከሰሱኝ ጎረቤቴ አያ ሐጎስ ናቸው። በየቀጠሮው ጠዋት "ተነስ ሓወይ፣ ተነስ ወንድሜ፣ እንዳትቀር!" ይሉኛል፤ በአንድ ባጃጅ ሄደን እንካሰሳለን።

ባለፈው ግን አላንኳኩም። ብቻዬን ቀረብኩ። ዳኛዋ ከሳሽ ስላልቀረቡ መዝገቡን ሊዘጉት ሲሉ "ትንሽ ቢጠበቁ?" አልኩ።

"ተከሳሹ እርስዎ አይደሉም እንዴ?" አሉኝና ዘጉት።

ሰፈር ስመለስ በተራዬ የአያን በር አንኳኳሁ። ሻንጣቸውን እየሸከፉ ነበር።

"ተዘጋ?"

"ተዘጋ። ምነው ቀሩ?"

"ነገ አዲስ አበባ ልጄ ጋ ጠቅልዬ እሄዳለሁ። እንደተካሰስን መለያየት ከበደኝ። አጥሩን እንግዲህ ወደፈለግክበት ውሰደው።"