ዲምፍና የቀባችው ደቡብ

ዲምፍና ካርታ ትቀባለች። ማተሚያ ቤቱ ጥቁሩን መስመር ያትማል፤ ቀለሙ የእሷ ሥራ ነው። አንትወርፕ ከተማ፣ ከካቴድራሉ ጀርባ ባለች ጠባብ ክፍል መስኮት ሥር ተቀምጣ ዓለምን ከሰሜን እስከ ደቡብ ስትቀባ ሃያ ዓመት ሞላት። እሷ ራሷ ግን የከተማዋን ወንዝ እንኳ ተሻግራ አታውቅም። ትምህርት ቤት የሄደችው ሁለት ክረምት ብቻ ስለሆነ የአገሮቹን ስም የምታነበው ፊደል እየቆጠረች ነው፤ ቅርጻቸውን ግን ዓይኗን ጨፍናም ታውቀዋለች።

ከሁሉ የሚያስደንቃት የታችኛው ነበር። በካርታው ግርጌ ከዳር እስከ ዳር የተዘረጋ፣ ማንም ያልረገጠው ትልቅ ምድር። የሰሜኑን ክብደት የሚመዝን ሌላ ምድር ከታች ከሌለ የዓለም ሚዛን ይዛባል ይላሉ ሊቃውንቱ። ብሩሿ እዚያ ሲደርስ ትንፋሿን ትይዛለች። ይህን ሁሉ አገር እግዚአብሔር ለማን ብሎ ደበቀው?

ለማን እንደሆነ እሷ የምታውቅ ይመስላት ነበር። ባሏ ዮስት መርከበኛ ነው። ከአሥር ዓመት በፊት በስፔን መርከብ ተሳፍሮ ሄደ፤ ከካርታው ግርጌ አጠገብ ያለውን ጠባብ የባሕር መተላለፊያ እንዳለፉ ማዕበል መርከቡን ወደ ደቡብ ነዳው። አብሯቸው ይጓዝ በነበረው ሌላ መርከብ የተመለሱት ሰዎች ያዩት ይህንን ብቻ ነው። ምድሩ ካለ ዮስትም አለ ብላ ያዘች። ጎረቤቶቿ «ኧረ ለነፍሱ ቅዳሴ አስቀድሺለት» ሲሏት እንቢ አለች። በሕይወት ላለ ሰው የሙት ቅዳሴ ማስቀደስ በገዛ እጅ መቅበር ነው። ሞቶ ከሆነ ደግሞ ነፍሱ ያለ ጸሎት፣ ሙታን ከኃጢአት በሚነጹበት በመንጽሔ እሳት አሥር ዓመት ነደደች ማለት ነው። ዲምፍና በነዚህ በሁለቱ መሃል ትኖር ነበር።

ለዚያ ምድር ከመዳብ ዝገት የሚሠራውን አረንጓዴ ትሰጠዋለች፤ ደንቡ አንዴ ቢሆንም እሷ ሦስቴ ደራርባ። ለምለም ይሁንለት ብላ።

አንድ የጾም ሰሞን ጠዋት የጨረሰቻቸውን ካርታዎች ይዛ ወደ ካርታ ነጋዴው ወደ ሂሊስ ሱቅ ገባች። አንድ ፊቱን ጨው የበላው ሽማግሌ ጠረጴዛው ላይ ተደግፎ ቆሟል። ባልታዛር የሚባል ፖርቱጋላዊ የመርከብ መሪ ነው።

«ይኸው መጣችልህ!» አለ ሂሊስ። «ነይ እስቲ አንቺ ጉደኛ፣ ሥራሽን እዪው!»

ሽማግሌው ያመጣው፣ ጠረጴዛው ላይ የተዘረጋው ካርታ ከስምንት ዓመት በፊት የቀባችው ነው። ደቡቡ ግን የለም። አረንጓዴው ወረቀቱን በልቶ፣ አጥቁሮ፣ ልክ በምድሩ ጠርዝ ላይ ቆርሶ ጥሎታል። በቀዳዳው የጠረጴዛው እንጨት ይታያል። የቀረው ዓለም እንዳለ ነው።

«በስሱ ቀቢ ብዬ ስንቴ ነገርኩሽ? ገንፎ መሰለሽ የምትቆልይው?»

«ተዋት ባክህ» አለ ባልታዛር እየሳቀ። «እኔ ላመሰግናት ነው የመጣሁት። ሊቃውንትህ ያልደረሱበትን የእሷ ቀለም ደረሰበት። እዚያ ምንም የለም።»

«ወዲያ! ሁለት ቀን ማዕበል ወደ ደቡብ ስለነዳህ የዓለምን ግርጌ አየሁ ልትል ነው?»

«አሥራ አንድ ቀን ነው። አንተስ ከዚህ ወንበር ተነሥተህ የት ደርሰሃል? ዓሣ ተራ?»

ዲምፍና የካርታውን ቀዳዳ ጠርዝ በጣቷ እየነካች ነበር። «ጌታዬ» አለች፣ «ያን ሁሉ ቀን ወደ ደቡብ ተነድታችሁ፣ ምድር አላያችሁም?»

ሽማግሌው ፊቷን ሲያይ ሳቁን ተወ።

«ዓይን ሊሳሳት ይችላል እሜቴ። ውኃው ግን አይሳሳትም። ነፋሱ በሚመጣበት በኩል ምድር ካለ ማዕበሉ አጥሮ፣ ተሰባብሮ፣ እርስ በርሱ እየተጋጨ ነው የሚደርስሽ። እዚያ የነበረው ግን እንደዚያ አይደለም። አንዱ ማዕበል ከካቴድራላችሁ ጣሪያ ይበልጣል። ዝግ ብሎ ይመጣል፣ መርከቡን እንደ ሕፃን አንሥቶ ያስቀምጠዋል፣ ያልፋል። የሚቀጥለው እስኪመጣ አባታችን ሆይን ትጨርሻለሽ። ከየትም ዳርቻ አልተነሣም፣ የትም ዳርቻ አይደርስም። ዓለምን ይዞራታል፣ በቃ። እግዚአብሔር ውኃን ከፈጠረ ጀምሮ አንዴም አልተሰበረም። ተንበርክኬ አለቀስኩ። ወጣቶቹ መርከበኞች ፈርቶ ነው አሉ፤ የእኔ ግን ፍርሃት አልነበረም።»



«እና እኔ ለደንበኛ ማዕበል ልሽጥ?» አለ ሂሊስ በመጨረሻ፣ ድምፁ ግን ቀዝቅዞ ነበር። አዲስ ሉሆች አሸከማት። «ምድሩን እንዳትተዪው። በስሱ!»

ወደ ቤቷ አልሄደችም። ወንዙ ዳር ቆማ ትንንሾቹን ሞገዶች አየች። መጥተው የድንጋዩን ግንብ ይመታሉ፣ ይሰበራሉ። ዕድሜዋን ሙሉ ያየችው ሞገድ ሁሉ የሚሰበር ነው። የማይሰበረውን ልታስበው ሞከረች፣ ሐሳቧ አልበቃ አለ። አሥር ዓመት በሐሳቧ ያኖረችውን፣ በዚያ ምድር ዛፍ ሥር ተቀምጦ ፍሬ የሚበላውን ዮስትን ፈለገችው፣ አላገኘችውም። በእሱ ፋንታ እዚያ የነበረው ካርታ ላይ ቀብታ የማታውቀው ውኃ ብቻ ነበር።

ከዚያው ወደ ቤተ ክርስቲያን ሄደች።

«አባ፣ ለባለቤቴ የሙት ቅዳሴ ይቀደስልኝ።»

ቄሱ አሥር ዓመት እንቢ ስትል ያውቋታል። ብዕራቸውን አንሥተው አዩዋት። «ወሬ መጣ እንዴ ልጄ?»

«ቦታውን ያየ ሰው መጣ።»

«የት ዐረፈ ብዬ ልጻፍ?»

ጥፍሮቿ ውስጥ አረንጓዴ የገባባቸውን እጆቿን እያየች ቆየች። «ባሕር ነው አባ። ዳርቻ የለውም።»

በማግስቱ አዲሶቹን ሉሆች ዘርግታ እንደታዘዘችው ደቡቡን ቀባች። አንዴ ብቻ፣ በስሱ።