ወለተ ኪዳንን ፍለጋ የወረዱት ሰው

ይህ የሆነው የዛሬ ሁለት ዓመት በፍልሰታ ጾም፣ ረቡዕ ቀን ነው። የልጄን የክርስትና ስም በጠራሁ ቁጥር ይታወሰኛል። ስጸልይ ደግሞ በየቀኑ እጠራዋለሁ።

የምንኖረው ውጭ አገር፣ ሳን ሊያንድሮ በምትባል ከተማ ነው። ልጄ ሊዲያ ያኔ አሥር ዓመቷ ነበር። የክርስትና ስሟ ወለተ ኪዳን ነው። በዚህ ስም የምንጠራት ቄሱና እኔ ብቻ ነን። በሰው ፊት ስትጠራበት ታፍራለች።

ላይብረሪው ለልጆች የክረምት ካርድ ይሰጣል። አንድ ቦታ ሲጎበኙ አንድ ማኅተም ይመታላቸዋል። ሊዲያ የቀራት አንድ ማኅተም ነበር። ዕለቱ የሥራ እረፍቴ ስለሆነ አጠገባችን ወዳለችው ከተማ፣ ወደ አላሜዳ ወሰድኳት። እዚያ ውሃው ዳር አንድ የድሮ የጦር ጀልባ ሙዚየም ሆኖ ታስሯል።

ጀልባው በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ትልልቅ መርከቦችን በቶርፔዶ ለመምታት የተሠራ ነው። ብረት መስሎኝ ነበር፤ ስነካው እንጨት ነው። አስጎብኚው ሚስተር ሬይ ይባላሉ። ሰባ አምስት ዓመት ያለፋቸው፣ ያለ ክፍያ የሚያገለግሉ ሽማግሌ ናቸው። አባታቸው በጦርነቱ ጊዜ እንዲህ ባለ ጀልባ ላይ የሞተር ባለሙያ ነበሩ።

«ላዩ እንጨት፣ ውስጡ ቤንዚን» አሉን። «አባቴ ከጠላት ይልቅ ሲጋራ የሚያጨስ ጓደኛውን ይፈራ ነበር።»

ሊዲያ ሳቀች። ስሟን ጠይቀው በእንግዶች መዝገብ ላይ ጻፉና «ካፒቴን ሊዲያ» አሏት። ብስኩት ሲሰጧት እኔን አየችኝ። ጾም ላይ መሆናችንን ነገርኳቸው።

«እስከ ስንት ሰዓት?»

«እስከ ከሰዓት በኋላ። ውሃም አንቀምስም።»

«ካፒቴን፣ እንዲህ ካስራብሽኝማ እኔ ከአንቺ መርከብ ገና በማለዳው ነው የምጠፋው» አሉ።

የዚያን ቀን ወደቡ ላይ መብራት ጠፍቶ ነበር። ሚስተር ሬይ ከጀልባው ጀርባ ላይ ትንሽ ጄኔሬተር አስነስተው ለታችኛው ክፍል አምፖል ያበሩ፣ ማራገቢያም ያዞሩ ነበር። ድምፁን ሰምቻለሁ፤ ልብ አላልኩትም።

በጠባብ መሰላል ወደ መርከበኞቹ መኝታ ክፍል ወረድን። አልጋዎቹ እንደ መደርደሪያ የተደራረቡ፣ እያንዳንዳቸው መጋረጃ ያላቸው ናቸው። ሊዲያ ለካርዱ ሥዕል መሣል ነበረባት። ሚስተር ሬይ «አትቸኩሉ» ብለውን ሌላ እንግዳ ሊቀበሉ ወጡ። እኔ አልጋ ጫፍ ላይ ተቀምጬ ጠዋት ያላደረስኩትን ውዳሴ ማርያም ከቦርሳዬ አወጣሁ።

ጥቂት ቆይቶ ራሴን ያመኝ ጀመር። ፊደሉ ይርገበገብብኛል። ጾሙ ነው አልኩ። በጾም ቀን ራስ ምታት ለእኔ አዲስ አይደለም። ችዬው ነው የምውለው።

«ማሚ፣ ሄዴክ አለኝ» አለች ሊዲያም ራሷን ይዛ።

«በርቺ የኔ ልጅ። ትንሽ ነው የቀረሽ። ለእመቤታችን ነው።»

«አም ስሊፒ» አለች ዓይኗን እያሸች።

«እንግዲያው ጋደም በይ።»

እኔ ነኝ ጋደም በይ ያልኳት።

ሥዕሏን ደረቷ ላይ አድርጋ ተኛች። እንቅልፉ ረሃቡን ያስረሳታል ብዬ ንባቤን ቀጠልኩ። አንዱን መስመር ደጋግሜ እንደማነብ የገባኝ ቆይቶ ነው። ልቀሰቅሳት ብነሳ ተንገዳግጄ አጠገቧ ወደቅሁ። በእጄ ጉንጯን መታ መታ አደረግሁ። አልነቃችም።

ጮኽኩ። መጀመሪያ «ሊዲያ!» አልኩ። ከዚያ በአምላክ ፊት እሷን የምጠራበትን ስም ጠራሁ። «እመቤቴ፣ ወለተ ኪዳንን! ወለተ ኪዳንን አደራ!»

ከዚህ በኋላ ያለውን ግማሹን የማውቀው ሰዎች ነግረውኝ ነው። ሚስተር ሬይ ወረዱ። መጀመሪያ ልጄን ተሸክመው መሰላሉን ወጡ፤ አንዲት ጎብኚ ሴት ከላይ ተቀበለቻቸው። እኔ ያኔ በከፊል ራሴን ስቼ ስለነበር አላየሁም። ተመልሰው እጄን መሰላሉ ላይ አስይዘው ከኋላ እየገፉ አወጡኝ።

ነፋሱ ሲነካኝ ጀልባው ላይ ተጋድሜ ነበር። ሴትዮዋ ሊዲያን ከጀልባው አውርዳ የብስ ላይ ይዛታለች። ለእኔ አትታየኝም። ዓይኔን ስገልጥ ያየሁት የወጣሁበትን ጨለማ ቀዳዳ ብቻ ነው። ልጄ እዚያ የቀረች መሰለኝ።

«ወለተ ኪዳን» አልኩ።

ሚስተር ሬይ አጠገቤ ተንበረከኩ። ትንፋሻቸው ይቆራረጣል።

«ይሄ ደግሞ የማን ስም ነው? ሌላ ልጅ አለች? ታች ናት?»

ራሴን በአዎንታ ነቀነቅሁ። በጣቴ ወደ ቀዳዳው አሳየሁ።

ለሦስተኛ ጊዜ ወረዱ።

በኋላ ደርሶ ያወጣቸው የእሳት አደጋ ሠራተኛ እንደነገረኝ፣ የአልጋዎቹ መጋረጃ ሁሉ ተገልጦ ነበር። እሳቸው ከመጨረሻው አልጋ አጠገብ በደረታቸው ወድቀው ነው የተገኙት። አንድ እጃቸው አልጋው ሥር ገብቷል። እዚያ ሥር ተደብቃ እንደሆነ ሲዳብሱ ነበር።

ማራገቢያው የጄኔሬተሩን ጭስ እየሳበ ወደ ታች ያስገባው ነበር። ጀልባው ድሮም ዘይት ዘይት ስለሚሸት ጭሱን አልለየነውም። ከጭሱ ጋር ያለው የሚገድለው ጋዝ ደግሞ ራሱ ሽታ የለውም አሉ። ራሳችንን ያመመን፣ ልጄን ያስተኛት እሱ ነበር። ጾሙ አልነበረም።

ሆስፒታሉ ኢመርጀንሲ ክፍል ውስጥ ሊዲያ ኦክስጅን እየተሰጣት ሳለ አንዲት ነርስ መጥታ «ሁለተኛዋ ልጅሽ እስካሁን አልተገኘችም፤ ስንት ዓመቷ ነው?» አለችኝ። ያደረግሁትን ያወቅሁት ያኔ ነው።

ሊዲያ በሁለተኛው ቀን ከሆስፒታል ወጣች። ክብር ለእግዚአብሔር። ሚስተር ሬይ አልሞቱም፤ ግን አእምሯቸው ተጎዳ። ካስትሮ ቫሊ ውስጥ የአረጋውያን መንከባከቢያ ገቡ።

ሚስታቸውን ማየት ፈርቼ ነበር። በመጨረሻ ሄጄ ስለ ስሙ ሁሉንም ነገርኳቸው። እስከ መጨረሻው ሰሙኝ። «ሬይ ለድመትም ቢሆን ይወርድ ነበር» አሉኝ። ከዚያ ፊታቸውን ወደ ግድግዳው አዙረው አለቀሱ።

ወደ ሚስተር ሬይ ክፍል ስገባ አላወቁኝም። ግን ጠየቁኝ።

«ትንሿን አገኟት?»

ልጄ አንድ ብቻ እንደሆነች፣ በእኛ እምነት ሰው ሁለት ስም እንዳለው አስረዳኋቸው። «እንዲህ የምትዪኝ ዝም ብዬ እንድተኛ ነው» አሉና ከአልጋው ሊወርዱ ታገሉ። ሠራተኞቹ ሮጠው መጡ።

ወደ ንስሐ አባቴ ሄድኩ። «አባ፣ ቀኖና ይስጡኝ። ጾም ይጨምሩብኝ» አልኳቸው።

«ጾም አልጨምርብሽም» አሉኝ። «ልጅ አመመኝ ስትል መጀመሪያ ልጅቱን እዪ። ሰውየውን ደግሞ አትተያቸው፤ ጠይቂያቸው። ልጅቱንም ይዘሻት ሂጂ።»

መኪና ውስጥ ሊዲያ ምን እንደምትላቸው ጠየቀችኝ።

«ስምሽን ንገሪያቸው።»

«የትኛውን?» አለች። መልሴን ሳትጠብቅ ወደ መስኮቱ ዞረች።

አልጋቸው አጠገብ ቆመች። በእንግሊዝኛ «እኔ ወለተ ኪዳን ነኝ» አለቻቸው። በሰው ፊት ጮክ ብላ ስትለው የሰማኋት ያን ቀን ነው። ሚስተር ሬይ ትኩር ብለው አዩዋት።

«ማን አወጣሽ?»

«እርስዎ።»

ዓይናቸውን ጨፈኑ። ያለቀ መስሎኝ ነበር። በሚቀጥለው ጊዜ ስንሄድ ግን እንደገና ጠየቁ።

በየወሩ በአሥራ ስድስት፣ በኪዳነ ምሕረት ዕለት እንሄዳለን። ሁልጊዜ ይጠይቃሉ። ሁልጊዜ ትመልሳለች። ቤተ ክርስቲያን ለጸሎት ስም ስሰጥ የእሳቸውንም እሰጣለሁ። የክርስትና ስማቸውን አላውቅም፤ ሬይ ብቻ እላለሁ። አምላክ ማንን እንደምል ያውቃል።

ባለፈው ወር ሊዲያ ቀድማኝ ገባች። ገና አፋቸውን ሳይከፍቱ እጃቸውን ያዘችና «ወጥቻለሁ» አለቻቸው። እሺ እንደማለት ራሳቸውን ነቀነቁ። ከዚያ ውሃ ጠየቋት፤ አጠጣቻቸው።

ልጄ በሕይወት አለችልኝ። ፈጣሪዬን አመሰግናለሁ። በሚስተር ሬይ አልጋ ግርጌ ቆሜ ሳመሰግን ግን ቀና ብዬ አይደለም።