ከመሪጌታ ጋር ጫካ የገባን ዕለት

ባለፈው ሳምንት ከደብረ ታቦር ወደ ንፋስ መውጫ ስመለስ፣ ሚኒባሱ ውስጥ አጠገቤ የተቀመጠው ወጣት በስልኩ የአማዞንን ደን ያያል። ከአውሮፕላን ላይ የተቀረጸ ነው፤ አረንጓዴው መጨረሻ የለውም። የጉና ብርድ በመስኮቱ ስንጥቅ እየገባ ጆሯችንን ይቆነጥጠናል፤ ልጁ ግን ሐሳቡ ከዚያ ሙቀት ውስጥ ነው። በመጨረሻ ራሱን ነቀነቀና ለማንም ሳይሆን፣ «ምን አለ እንዲህ ያለ ጫካ እኛም አገር ቢኖር!» አለ።

«አለ እኮ። እኔ ገብቼበታለሁ» አልኩት።

ዞር ብሎ ነጠላዬን፣ ዘንቢሌን፣ ሽበቴን አየ። «የት ነው እሱ ደግሞ?»

«ከፋ። ከቦንጋ ማዶ።»

በትሕትና ፈገግ አለ፤ አላመነኝም መሰለኝ። ክምር ድንጋይ ከተማ ስንደርስ ወረደ። የቀረውን መንገድ እኔ ብቻዬን ከፋ ሆኜ ሄድኩ።

ያኔ ሃያ ሁለት ዓመቴ ነበር። በደን ትምህርት ዲፕሎማዬን እንደያዝኩ ወደዚያ ተመደብኩ። እናቴ የቦታውን ስም ስትሰማ፣ «ከስሙ ጀምሮ ከፋ!» ብላ እንባዋን አፈሰሰች። አባቴ ግን «ምድር ሁሉ የእግዜር ናት» አለና የጥቁር ገብስ በሶ በከረጢት አስሮ ሰጠኝ። በሶው እስከ አዲስ አበባ፣ ከዚያ እስከ ጅማ፣ ከጅማም እስከ ቦንጋ ጭኔ ላይ ተቀምጦ ሄደ። ከጅማ በኋላ መንገዱ ጭቃ ነው። አውቶቡሱ እየተንሸራተተ ሲሄድ ከተሳፋሪው ግማሹ ይጸልያል፣ ግማሹ ይስቃል።

ጋይንት ያደገ ሰው ዓይኑ ሩቅ ማየት የለመደ ነው። አፋፉ ላይ ቆሞ ግማሽ ቀን የሚያስኬድ መንደር ጭስ ያያል፤ እንግዳው ገና ከቆላ ሽቅብ ሲወጣ አይቶ ጠላውን ያሰናዳል። እዚያ ጫካ ስገባ ግን ዓይኔ ሥራ ፈታ። ፊት ለፊቴ ያለው ሰው ጥቂት ከራቀ ቅጠል ይውጠዋል። ቀረሮ የሚባለው ዛፍ ሥሩ እንደ ግድግዳ ተገትሮ፣ ከኋላው አንድ ቤተሰብ ቢጠለልበት አይታይም። ዝናቡ ካባራም በኋላ ጫካው ለብቻው ሲዘንብ ይቆያል። ደግሞ ሽታው! እናቴ ገበያ ላይ አንድ አንድ እየለቀመች የምትገዛው ኮረሪማ እዚህ በእግር ይረገጣል። ቡናው ማንም ሳይተክለው በዛፎቹ ጥላ ሥር በቅሏል፤ ጉሬዛ ከላይ ነጭ ጭራውን እያውለበለበ ከዛፍ ዛፍ ይዘላል። የመጀመሪያዎቹን ቀናት አፌን ከፍቼ ሽቅብ እያየሁ ስለምሄድ ከማንም በላይ የምወድቀው እኔ ነበርኩ።

ሥራችን የደኑን ዳር እየዞሩ ገመድ መዘርጋትና ዛፎቹን ቀይ ቀለም መቀባት ነበር። ከቀለሙ ወዲያ ያለው አይቆረጥም ማለት ነው። አለቃችን አቶ በቀለ ቸኩሎ የሚቆጣ፣ ቸኩሎም የሚጸጸት ደግ ሰው ነው። መንገድ የሚመራን አቶ ሻወኖ የአገሩ ተወላጅ ናቸው። ከአባታቸው የወረሷቸው ቀፎዎች ከረጃጅሞቹ ዛፎች ላይ ተሰቅለዋል። ዝም ብለው ይሄዱና ድንገት ቆመው አንድ ቅጠል ቀጥፈው ያሸቱኛል፤ ስሙን በቋንቋቸው ይነግሩኛል፤ እኔ ስደግመው ይስቃሉ።

አንድ ቀን ከሰዓት በኋላ ከሰፋሪዎች መንደር ዳር ደረስን። በድርቁ ጊዜ ከሰሜን መጥተው የሰፈሩ ሰዎች እንደሆኑ ሰምተናል። ከመንደሩ በላይ ያሉት ትልልቅ ዛፎች ቆመው እንዲደርቁ ቅርፊታቸው ዙሪያውን ተልጧል፤ ገና ተጀምረው የተተዉም አሉ። አቶ ሻወኖ እጃቸውን የተላጠው ግንድ ላይ አደረጉ። ቀና ብዬ ሳይ ቀፎዎቻቸው ከላያችን ናቸው።

ወዲያው የመንደሩ ሰው መጥረቢያ በትከሻው አድርጎ መጣ። ከፊት ነጭ ጥምጥም የጠመጠሙ፣ መቋሚያ የያዙ ቀጭን ሽማግሌ አሉ። በኋላ እንደተነገረን መሪጌታ ልሳነወርቅ ይባላሉ፤ የመንደሩ ሁሉ መምህር ናቸው።

«ገመዱን ጠቅልሉ!» አሉ። «ይህ ቦታ ለቤተ ክርስቲያን ነው። ታቦታችን በሣር ጎጆ ስንት ክረምት ይዝነብበት?»

«ዛፍ መግደል ወንጀል ነው!» አለ አቶ በቀለ። «ነገ ፖሊስ ይዤ እመለሳለሁ!»

ሕዝቡ አጉረመረመ፤ አንዱ መጥረቢያውን ከትከሻው አወረደ። ወደፊት ወጣሁና፣ «የኔታ፣ በእመብርሃን ይረጋጉ። እስቲ ቁጭ ብለን እንነጋገር» አልኩ።

መሪጌታ ቆም ብለው አዩኝ። «አነጋገርሽ የአገሬ ነው። የማን ልጅ ነሽ አንቺ?»

«የጋይንት ነኝ፤ ከንፋስ መውጫ ወዲያ።»

«እኔስ የስማዳ አይደለሁ! ድጓ የተማርኩትም እዚያው ጋይንት፣ ቤተ ልሔም!»

ከኋላቸው አንዲት ሴት እልል አለች። መጥረቢያው ሁሉ ተረሳ። ጎትተው ወደ መሪጌታ ቤት ወሰዱን፤ አቶ ሻወኖም ከኋላችን ገብተው በሩ አጠገብ ተቀመጡ። የመሪጌታ ባለቤት ወይዘሮ ጥሩነሽ የበቆሎ ጠላ ቀዱልን። ባዶ እጄን መሆኔ ሲያሳፍረኝ ለስንቅ የያዝኩትን በሶዬን ፈታሁ። ወይዘሮ ጥሩነሽ ከመቅመሳቸው በፊት መዳፋቸው ላይ አድርገው ለረጅም ጊዜ አሸተቱት። «ገብስ» አሉ። «እናንተ! ገብስ እኮ ነው!» ጎረቤቱ ተጠራ፤ በሶው በቁንጥር በቁንጥር ታደለ። ደጋግመው ገብስ ዘርተው እንደነበር ያን ጊዜ ነገሩኝ። ዝናቡና ጥላው አገዳ ብቻ አድርጎ አስቀርቶባቸዋል። ስለዚህ ቤተ ክርስቲያኑን ሠርተው ከዙሪያው ደግሞ ፀሐይ የሚገባበት የገብስ ማሳ ሊያወጡ አስበዋል።

መሪጌታ ወደ ጆሮዬ ጠጋ አሉ። «በይ እንግዲህ፣ ገመዷን ወዲያ ፈቀቅ አድርጊልን። የወንዝ ልጅ ለመቼ ነው?»

 እነዚህ ሰዎች የኔ ናቸው፤ እናታቸው የእናቴን ቋንቋ የምትናገር፣ ረሃብ ከቀዬአቸው ያፈናቀላቸው። በበሩ በኩል ግን አቶ ሻወኖ ጠላቸውን ሳይነኩ ተቀምጠዋል።

«የኔታ፣ ገመዱ የኔ አይደለም» አልኩ። «ደግሞ ዛፎቹ ላይ የአቶ ሻወኖ ቀፎ አለ።»

«ይህ ሁሉ ጫካ ሞልቶ ለቀፎ ቦታ ይጠፋል?»

«ገብተው አይተውታል?»

 ያን ያህል ዓመት ሲኖሩ ከዳሩ አልፈው አያውቁም። «ምን ልሠራ እገባለሁ? አውሬው ሲገርመኝ አልቅቱ!» አሉ።

«ነገ ጠዋት አብረን እንግባ። ይዩትና ከዚያ ይፍረዱ።»

አቶ በቀለ እያጉረመረመ አንድ ጠዋት ፈቀደልኝ።

በማግስቱ አቶ ሻወኖ ገጀራ ይዘው ከፊት፣ መሪጌታ መቋሚያቸውን ይዘው ከመሐል፣ እኔ ከኋላ ሆነን ገባን። ሁለቱ ሰዎች አይነጋገሩም። መሪጌታ አልቅት ፈርተው ጋቢያቸውን እስከ ጉልበታቸው ሰብስበዋል፤ ቅጠል በነካቸው ቁጥር «በስመ አብ!» ይላሉ። አንድ ዳገት ላይ መቋሚያቸው ጭቃ ውስጥ ተተክሎ ቀረ፤ እሳቸው ወደ ኋላ ሲንሸራተቱ እኔን ይዘውኝ ወደቁ። ሊያነሡን የመጡት አቶ ሻወኖም ተንሸራተው ከላያችን አረፉ።  ከዚያ መሪጌታ ጥምጥማቸው ዓይናቸው ላይ እንደወረደ፣ «ሥላሴን! ሦስታችንም አንድ ላይ!» አሉ። አቶ ሻወኖ እንዲያ ሲስቁ አይቼ አላውቅም። ሳቃቸው ጉሬዛዎቹን አስበረገገ።

ከዚያ በኋላ ወሬ ተጀመረ። አቶ ሻወኖ ጌተም የሚባለው ዛፍ አበባ ነጭ ማር እንደሚያወጣ አወሩ፤ መሪጌታ የጋይንትን ማር አመሰገኑ፤ የማን ይበልጣል ተባባሉ። እንዲህ እያልን ከአንድ ትልቅ ዛፍ ሥር ደረስን። ከሥሮቹ መሐል ውኃ ኩልል ብሎ ይወጣል። አቶ ሻወኖ ድምፃቸውን ዝቅ አደረጉ። «የናንተ መንደር የሚጠጣው ይሄን ነው። አባቴ እዚህ ሲደርስ ጮክ ብሎ አይናገርም ነበር።»

መሪጌታ ጎንበስ ብለው በእፍኛቸው ጠጡ። «እኛም ቅጽር ውስጥ ጮክ አንልም» አሉ በሹክሹክታ። ከዚያ ሥሩ ላይ ተቀመጡ። «ስማዳ፣ እኛ ቀበሌ ምንጭ ነበረች። ከላይዋ ጥድ ነበር። ጥዱን ጨረስነው፤ ምንጯ ሄደች። እናቴ እስክትሞት ድረስ ውኃ ከገደል ሥር በጀርባዋ አወጣች።»  ቅጠሉ የቀረውን ዝናብ ሲያንጠባጥብ ብዙ ቆየን።

ከጫካው ስንወጣ መንደሩ ተሰብስቦ ይጠብቃል። መሪጌታ በጭቃ የተለወሰ ጋቢያቸውን እንዳደረጉ፣ «ቤተ ክርስቲያኑ የሚሠራው በኔ በቆሎ ማሳ ላይ ነው» አሉ። «ከላይ ያለው ጸበላችን ነው፤ ደኑም የጸበሉ ቅጽር ነው። የነካው ከኔ ጋር አይቆርብም።»

ወይዘሮ ጥሩነሽ፣ «ማሳውን? በቆሎዬን ሳልሰበስብ?» ብለው ጮኹ። ሁሉም ሳቀ። መጀመሪያ በቆሎው እንዲሰበሰብ ተወሰነ።

ዙሪያቸውን ሙሉ የተላጡት ዛፎች ሞቱ፤ የቤተ ክርስቲያኑ ምሰሶ ሆኑ። ግማሽ የተላጡትን አቶ ሻወኖና የመንደሩ ጎልማሶች ቁስላቸውን በጭቃና በእበት መርገው በኮባ ቅጠል አሰሩላቸው፤ አብዛኞቹ ዳኑ። የመጀመሪያውን ቀይ ቀለም መሪጌታ ራሳቸው ቀቡ። ከዛፉ ይልቅ ጋቢያቸው ብዙ ቀለም ጠጣ።

የዚያን ዕለት ማታ አቶ በቀለ ፖሊስ ሊጠራ እንደነበር ረስቶ ሦስት ብርሌ ጠጅ ጠጣ።

ከዓመታት በኋላ፣ አገሬ ተመልሼ ትዳር ከያዝኩ ወዲያ፣ ከባለቤቴ ጋር አንድ ጊዜ ሄጄ አይቼዋለሁ። የቤተ ክርስቲያኑ ቆርቆሮ ያበራል፤ ከበላዩ ደኑ እንዳለ ነው። የመንደሩ ልጆች ሁለቱንም ቋንቋ እያቀላቀሉ ይሰዳደባሉ። ሌላ ቦታ ላይ የቀባነው ቀለም ብዙ እንዳልተከበረ ግን አውቃለሁ፤ ያን ሁሉ ጫካ አዳንን ብዬ አልዋሽም።

አሁን የምሠራው እዚሁ ንፋስ መውጫ፣ ግብርና ጽሕፈት ቤት ነው። ተራራው አገግሞ ቁጥቋጦ ሲያወጣ፣ ይከለል በሚሉና ከብቴን የት ላሰማራ በሚሉ መካከል ጠብ አይጠፋም። ባልደረቦቼ ስብሰባ ሊጠሩ ሲሉ እኔ ቦት ጫማዬን አወጣለሁ። ሁለቱንም ወገን ይዤ ሽቅብ እወጣለሁ፤ ወጣቶቹ ሠራተኞች ጫማችን ተበላሸ እያሉ ያማርራሉ። ሁልጊዜ አይሳካልኝም። ግን ከስብሰባ አዳራሽ እየተጣሉ የሚወጡ ብዙ ሰዎች አይቻለሁ፤ አንድ ዳገት ላይ ተያይዘው ተንሸራተው ከተነሡ በኋላ ሳይነጋገሩ የወረዱ ግን እስካሁን አላየሁም።