አልመሽ ያለው ጳጉሜን አምስት

የባሕረ ሐሳብ መምህራችን የኔታ ዘውዱ በእንቁጣጣሽ ማለዳ መካኒሳ አቦ አጠገብ ባለው ቤታቸው ማረፋቸውን፣ ላልሰማችሁ ሁሉ የማረዳችሁ እኔ ደቀ መዝሙራቸው ነኝ። ለቀስተኛው «ድንገት ሄዱ» እያለ ነው የተመለሰው። ድንገት አልነበረም። ሰባት ቀን ፈጅቷል፤ ሰባቱም ቀን ጳጉሜን አምስት ነበር። አብዷል የሚለኝ አይጠፋም። ይበል! የመንደራችን ዘጠኝ አባወራ ምስክሬ ነው።

የኔታ በዓላትና አጽዋማት መቼ እንደሚውሉ በጣታቸው አንጓ ቆጥረው የሚናገሩ ሊቅ ነበሩ። ሰፈርተኛው የሚወዳቸው ግን በሌላ ነው። መታወቂያ ለማውጣት የልደት ቀን ተጠይቀው የተጨነቁ እናቶች ወደ እሳቸው ይመጣሉ። «እኔ እንጃ የኔታ፣ ጤፍ ሲታጨድ ነው፣ በሚካኤል ማግስት» ይላሉ። እሳቸው ይህንንም ያንንም ጠያይቀው፣ ቀኑን አስልተው፣ በወረቀት ጽፈው ይሰጧቸዋል። «ቀንማ አለዎት፤ የጻፈልዎት ነው የጠፋው» ይሏቸው ነበር። እኔን ግን አይምሩኝም። ጎፋ የመኪና ዕቃ ስሸጥ ሰንብቼ ቅዳሜ ቅዳሜ ለትምህርት ስሄድ፣ «ቀን የሚጀምረው ከዋዜማው ማታ ነው ስልህ አንተ ቀኑን ከጠዋት ታክሲ ትጀምረዋለህ! ምን ይሻልሃል?» እያሉ ይስቁብኝ ነበር።

ባለቤታቸውን እትዬ ዘነበችን ሐኪም «ወደ ቤት ውሰዷቸው» ያለው በክረምቱ መጨረሻ ነው። እትዬ የሚለምኑት አንድ ነገር ብቻ ነበር፤ ጅማ የምታስተምረውን አንድ ልጃቸውን፣ መሠረትን፣ አይተው መሞት። ጳጉሜን አራት ከሰዓት በኋላ መሠረት ደውላ፣ የአውቶቡስ ትኬት ያገኘችው ለእንቁጣጣሽ ጠዋት እንደሆነ ነገረችን። የኔታ የሚስታቸውን ትንፋሽ አዳምጠው «እስከዚያ አትቆይም» አሉ።

ያን ጊዜ እጃቸውን ብይዝ ኖሮ! ከአባታቸው የወረሱትን፣ ለማንም አሳይተውት የማያውቁትን ብራና አወጡ። «በየዓመቱ ሩብ ቀን ትተርፋለች። አራቱ ሲሞሉ ስድስተኛዋ ጳጉሜን ትሆናለች። እኔ ሳትሞላ ልለምናት ነው፤ ቀኑን ታርዝምልንና ሞት መሠረት እስክትደርስ ይዘግይልን» አሉኝ። እሳቸው ሊደግሙ፣ እኔ የሰዓቱን ሰንጠረዥ ልጽፍ ተቀመጥን። እሳቸው ቀኑን ከማታ አሥራ ሁለት ሰዓት ጀምረው ደገሙ። እኔ፣ እጄ ይቆረጥና፣ እንደለመድኩት ከጠዋት አሥራ ሁለት ሰዓት ጀምሬ ጻፍኩ።

በማግስቱ፣ በጳጉሜን አምስት፣ ፀሐይ ስትጠልቅ ማታ አሥራ ሁለት ሰዓት ሆነ፤ በዚያችው ደቂቃ ጠዋት አሥራ ሁለት ሰዓት ሆነ። ሌሊት የሚባል የለም። ፀሐይዋ በምሥራቅ ወጣች፤ ሬዲዮው «ዛሬ ጳጉሜን አምስት ነው» አለ። ከሰፈር ውጭስ እንዴት ነው ብዬ ሁለት ዙር በታክሲ ሀይሌ ጋርመንት ድረስ ሄድኩ። የታክሲው ረዳት ያንኑ ተሳፋሪ በዚያው ስድብ ይሰድባል። አሥራ ሁለት ሲሞላ ራሴን እንደገና የኔታ በር ላይ ቆሜ አገኘሁት። ከተማው ምንም አያውቅም፤ የምናውቀው የእኛ መንደር ሰዎች ብቻ ነበርን።

የኔታ ሰንጠረዡን ሲያዩ ሁሉም ገባቸው፤ የእሳቸው ማታ ከእኔ ጠዋት ጋር ተገጥሞ ቀኑ ቀለበት ሆኗል። አልተቆጡኝም። «ከየት እንደምትጀምር እያወቅኩ ያልጠየቅኩህ እኔ ነኝ» ብለው ወረቀቱን አጥፈው ኪሳቸው ከተቱት።

ለመሠረት ደወልን። «አባዬ፣ ነገ ጠዋት እኮ ነው የምነሳው! እማዬን አይዞሽ በላት» አለች። በሦስተኛው ዙር ደወልን፤ በአራተኛውም። ያንኑ ቃል፣ በዚያው ደስታ። ቀኑን ስናቆመው የእሷን ነገ አብረን ማቆማችንን ያን ጊዜ አወቅን። የእትዬ ዘነበች ሕመም ግን አልቆመም፤ በየዙሩ ይብስባቸዋል። የኔታ ብራናውን ወደ ኋላ ቢደግሙት፣ ቢያለቅሱ፣ ቢሰግዱ፣ ወይ ፍንክች! የዕድራችን ሊቀ መንበር ጋሽ በቀለ መጥተው «የኔታ፣ በፈጠረዎት፣ ኧረ ይምሽልን! ልጆቹ እንቅልፍ አጥተው ሊያልቁ ነው» ብለው አለቀሱ። የኔታም «እኔም እሱኑ እየለመንኩ ነው በቀለ፤ አልሆን አለኝ» አሏቸው።

በስድስተኛው ዙር፣ ከቀኑ ዘጠኝ ሰዓት ላይ እትዬ ዘነበች ዓይናቸውን ገልጠው «መሲ መጣች?» አሉ። የኔታ ሲዋሹ ሰምቼ አላውቅም። «አዎ፣ በር ላይ ናት» አሏቸው። እትዬም በዚያው አሸለቡ። ምንም ሳንነካ ትተነው ቢሆን ኖሮ እናትና ልጅ አንድ ቀን ተኩል አብረው በቆዩ ነበር።

በሰባተኛው ዙር፣ ማንም ምንም ሳያደርግ፣ መሸ። መንደሩ በእልልታ ተናወጠ። የኔታ አስከሬኑ አጠገብ እንደተቀመጡ ነበሩ፤ ሲነጋ እሳቸውም አልነበሩም።

መሠረት ከሰዓት በኋላ ስትደርስ ሁለት የሬሳ ሳጥን ጠበቃት። «እማዬ መቼ ነው የሞተችው?» አለችኝ። «ትናንት» አልኳት። በአቆጣጠር ትናንት ነው። «አንዲት ቀን! አንዲት ቀን ብትጠብቀኝ ምን ነበረበት!» እያለች ደረቷን ስትመታ ቆሜ አየኋት። አንድም ቃል አልተነፈስኩም።

የኔታ፣ ያልተነፈስኩትን ይኸው ጻፍኩት። መሠረት ስታነበው ዓይኔን ማየት ትጠላ ይሆናል፤ እውነቷን ነው። እርስዎ አጥፈው ኪስዎ የከተቱልኝን ጥፋት ይዘውብኝ እንዲሄዱ አልፈልግም፤ የእኔን ድርሻ ለእኔ ይተዉልኝ። እንግዲህ ደህና ይሁኑ፣ መምህሬ። እትዬ ዘነበችን ሲያገኟቸው ግን አሁን ሳይዋሹ ይንገሯቸው፤ መሲ መጥታለች።