«መልስ ይጻፍለት»

ባለፈው ክረምት የተለዩን አጎቴ የጅማ ኮሌጅ ቤተ መጻሕፍት ሠራተኛ ነበሩ፤ ያነበቡትንም ቡና ስንለቅም ያወጉናል። አሜሪካኖች መንግሥታቸውን ገና ሲያቋቁሙ ስለ ሕገ መንግሥቱ የተከራከሩት በጋዜጣ ነው ይሉን ነበር። አንዱ በተውሶ ስም ይጽፋል፣ ሌላው መልስ ይጽፍበታል። ከስሜ ሌላ መጻፍ ለማልችለው ለእኔ ተረት ይመስለኝ ነበር።

አምና ልጄን ፀረ አብዮት ወረቀት ጽፏል ብለው የቀበሌው ስብሰባ ፊት አቆሙት። አጎቴ ከአግዳሚያቸው ተነሱ።

«የጻፈው ስህተት ከሆነ መልስ ይጻፍለት።»

ሊቀ መንበሩ ሳቀ። «ጋሼ፣ ይሄ ጅማ ነው እንጂ አሜሪካ አይደለም!»

«እሱንማ አውቃለሁ ልጄ። ቀለም ግን እዚህም አለ።»

የቀበሌው ሰዎችም ልጄን መክረው ለቀቁልኝ። ያ የአጎቴ ድፍረት እስከ ዛሬ ይገርመኛል።

ሰሞኑን ደግሞ የጎረቤቴን ልጅ በዚያው ክስ እዚያው አቆሙት። ሰው ሁሉ የአጎቴን ባዶ ቦታ አየ። ተነሳሁና «መልስ ይጻፍለት» አልኩ።